ከአሮጌው ቀፎ ወደ ዐዲሱ

በአዲስ አበባ መገናኛ ከሚባለው ሰፈር፣ ከፎቆቹ በአንዱ ምድር ቤት፣ ሁለት ሰው ጎን ለጎን በማይተላለፍበት ጠባብ መንገድ ግራና ቀኝ ከተደረደሩት የሞባይል ሱቆች በአንደኛው ፊት፣ ነጠላቸውን አጣፍተው በበርጩማ ላይ የተቀመጡ አንዲት እናት፣ መስተዋቱ ከዳር እስከ ዳር የተሰነጠቀውን አሮጌ ስልካቸውን በእጃቸው፣ ልጃቸው ከባሕር ማዶ የላከችላቸውን ዐዲሱን ደግሞ ከነካርቶኑ በጉልበታቸው ላይ ይዘው ተራቸውን ይጠባበቃሉ። ወጣቱ ጠጋኝ የያዘውን ሥራ ወደ ጎን አድርጎ አሮጌውን ስልክ ይቀበላቸዋል።

«እማማ፣ ምን ምኑ ይተላለፍልዎ?»

«ያለው ሁሉ ነዋ ልጄ። አንድም እንዳይቀርብኝ።»

«ጂሜይልዎስ? ፓስዎርዱን ያውቁታል?»

«እሱን ያኔ ስልኩን የሸጠልኝ ልጅ ነው የከፈተልኝ። ምን ብሎ እንደ ከፈተው እኔ በምን ዐውቃለሁ?»

ወጣቱ ቀስ እያለ ሲጠይቃቸው፣ እኒያ እናት ከልባቸው የሚሹት ሦስት ነገር መሆኑ ታወቀ፤ ይኸውም ያረፉት ባለቤታቸው ከሆስፒታል አልጋ ላይ ሆነው በዋትስአፕ የላኩላቸው ድምፅ፣ የልጅ ልጃቸው የክርስትና ዕለት ፎቶግራፍ፣ እንዲሁም የዕድራቸውና የጽዋ ማኅበራቸው ሰዎች ስልክ ቁጥር ነው። ሦስቱም በአንድ መስተዋት ላይ በአንድ ጣት የሚነኩ ቢሆኑም፣ ማደሪያቸው ግን ለየብቻ ነበር፤ ድምፁ በቀፎው ማኅደር፣ ፎቶግራፉ በጉግል አካውንት፣ የቁጥሮቹም እኩሌታ በሲም ካርዱ ላይ ተቀምጧል። ሰው ስልክ በሚቀይርበት ቀን አብዛኛውን ነገር የሚያጣው፣ የገዛ ሀብቱ በየት ስፍራና በማን ስም እንደ ተቀመጠ አስቀድሞ ካለማወቁ የተነሣ ነው።

ስሙ የተቈረጠው ወዳጅ

የሞባይል ስልክ በ1991 ዓ.ም. በአገራችን ሥራ ሲጀምር፣ ከቀፎ ወደ ቀፎ መሻገር የሚያስጨንቅ ነገር አልነበረም። ሲም ካርዱን ከአንዱ አውጥቶ በሌላው መክተት ነበር፤ የወዳጅ ዘመድ ስምና ቁጥር በዚያች ጥፍር በምታህል ፕላስቲክ ላይ ተጽፎ አብሮ ይሻገር ነበር። ሲም ካርድ ግን ዐቅሙ ጥቂት ነው፤ ብዙውን ጊዜ ከ250 ያህል ስሞች አይበልጥም፤ ለአንድ ስም የሚሰጠውም ቦታ በላቲን ፊደል ዐሥራ አራት ወይም ከዚያ ጥቂት ከፍ ያለ ሆሄያት ብቻ የሚያስገባ ነው። በግእዝ ፊደል የተጻፈ ስም ደግሞ ለእያንዳንዱ ሆሄ እጥፍ ቦታ ስለሚወስድ፣ ከእኩሌታው በታች ይወርዳል። «ወይዘሮ ወለተ ማርያም» ብሎ የመዘገበ ሰው ስሙን ወደ ሲም ሲያዛውረው «ወይዘሮ ወ» ብቻ ሆኖ የሚያገኘው ስለዚህ ነው፤ በአንድ ዝርዝር ውስጥ አራት «ወይዘሮ ወ» ቢገኙ የትኛዋ የትኛዋ እንደ ሆነች የሚለይ ሰው የለም።

አንድ የእህል ነጋዴ ይህ ነገር እንዴት እንደሚጐዳ በራሱ ሥራ ያስረዳል። የእርሱ መዝገብ የሰው ስም እምብዛም የለበትም፤ «ጤፍ ቢሾፍቱ»፣ «በርበሬ ሀላባ»፣ «ሾፌሩ የሞጆ» እያለ በዕቃና በስፍራ የመዘገባቸው ናቸው። የመጨረሻው ቃል ሲቈረጥ ስፍራው ይጠፋል፤ ስፍራው ከጠፋ ደግሞ ሰውየው ይጠፋል። ነጋዴው የደረሰበት መላ፣ መዝገቡን በሙሉ አንድ ፋይል አድርጎ ከስልኩ ማውጣትና በቴሌግራም ለራሱ መላክ ነው። የስም መዝገብ የሚከፍተው ፕሮግራም በአብዛኞቹ ስልኮች ላይ «ኤክስፖርት» የሚል ትእዛዝ አለው፤ የሚወጣውም ፋይል ማናቸውም ስማርት ስልክ የሚያነበው በመሆኑ፣ ከቴክኖ ወደ ሳምሰንግ፣ ከሳምሰንግ ወደ አይፎን ቢኬድም ስሙ ሳይቈረጥ ይደርሳል። ስሞቹን በጉግል አካውንት የሚያስቀምጥ ሰው ደግሞ ሌላ ጸጋ አለው፤ በስሕተት የሰረዘውን ስም በ30 ቀን ውስጥ መልሶ ማግኘት ይችላል።

መልእክት ሁሉ አንድ አይደለም

ብዙ ሰው ቴሌግራምንና ዋትስአፕን እንደ መንትያ ያያቸዋል፤ ስልክ በሚቀየርበት ቀን ግን የሚለያዩት እጅግ ነው። ቴሌግራም ተራውን ጭውውት ሁሉ በኩባንያው ማኅደር ስለሚያኖረው፣ ባለቤቱ በዐዲሱ ስልክ ቁጥሩን አስገብቶ የማረጋገጫ ኮዱን ሲሰጥ፣ የዓመታት መልእክት ከነፎቶግራፉ ተመልሶ ይመጣል። ምሥጢራዊ ጭውውት ተብሎ ለብቻው የተከፈተው ብቻ በአሮጌው ስልክ ላይ ይቀራል፤ አሠራሩ ራሱ ከሁለቱ ስልኮች ውጭ በማንም ዘንድ እንዳይገኝ ተደርጎ የተሠራ ነውና። ዋትስአፕ በአንጻሩ መልእክቱን የሚያኖረው በባለቤቱ ስልክ ውስጥ ነው። ባለቤቱ አስቀድሞ መጠባበቂያ ቅጂ (ባክአፕ) ካላደረገ፣ በዐዲሱ ስልክ ላይ ቁጥሩ ይከፈታል፤ የሚከፈተው ግን ባዶውን ነው።

እኒያ እናት የባለቤታቸውን ድምፅ ያስቀመጡት በዚህ በሁለተኛው ውስጥ ነበር።

> ቁጥሩ ይከፈታል፤ የሚከፈተው ግን ባዶውን ነው።

የዋትስአፕ ባክአፕ በአንድሮይድ ስልክ ወደ ጉግል፣ በአይፎን ወደ አፕል ማኅደር ይሄዳል። ጉግል ለአንድ አካውንት በነጻ የሚሰጠው ቦታ 15 ጊጋባይት ነው፤ አፕል የሚሰጠው 5 ጊጋባይት። የአንድሮይዱ የዋትስአፕ ባክአፕ ቀድሞ ከዚህ ቦታ የማይቈጠር ነበር፤ ከ2016 ዓ.ም. ወዲህ ግን ከፎቶግራፉና ከኢሜይሉ ጋር አብሮ ስለሚቈጠር፣ ቦታው ሲሞላ ባክአፑ ይቆማል። ማስጠንቀቂያው ብዙውን ጊዜ በእንግሊዝኛ ብቅ ይላል፤ የሚያነበው የለም፤ ባለቤቱም ነገሩ እየሠራ መስሎት ወራት ያልፋሉ። ፎቶግራፍም እንዲሁ ነው፤ ጉግል ጥራታቸውን ጥቂት ቀንሶ ያለ ልክ በነጻ ያስቀምጥ የነበረው እስከ ግንቦት 2013 ዓ.ም. ድረስ ሲሆን፣ ከዚያ ወዲህ የተነሡት ከዚያው ከ15 ጊጋባይቱ ይቈጠራሉ።

የኢንተርኔት ዋጋ ለከበደው ሰው የሚበጀው ሌላው መንገድ ነው። ከ2015 ዓ.ም. ወዲህ ዋትስአፕ ከአንድሮይድ ወደ አንድሮይድ፣ ከአይፎንም ወደ አይፎን በሚደረገው ሽግግር፣ ሁለቱን ስልኮች አጠገብ ለአጠገብ አድርጎ በዐዲሱ ላይ የሚወጣውን ኮድ በአሮጌው ካሜራ በማንበብ ብቻ መልእክቱን ያሻግራል፤ በሁለቱ መካከል ባለው ዋይፋይ ስለሚሻገርም በሩቅ ማኅደር ማለፍ አያሻውም። ከአንድሮይድ ወደ አይፎን የሚሄድ ሰው ደግሞ፣ ከ2014 ዓ.ም. ጀምሮ አፕል ለዚሁ ብሎ ባዘጋጀው ፕሮግራም መልእክቱን መውሰድ ይችላል፤ የሚመቸው ጊዜ ግን አይፎኑ ገና ከካርቶኑ ወጥቶ መጀመሪያ በሚከፈትበት ሰዓት ነው። ስልኩን ከፍተው፣ ቋንቋውን መርጠው፣ ጨዋታውን ሁሉ ከጫኑ በኋላ ወደ ሱቅ ይዘው የሚመጡ ወጣቶች ብዙ ናቸው፤ ጠጋኙም የጫኑትን አጥፍቶ እንደ ገና ከመጀመር በቀር ሌላ የሚያደርግላቸው የለም።

በምድር ቤቱ

ወጣቱ ወደ እኒያ እናት ስልክ ተመለሰ። የተሰነጠቀው መስተዋት ምስሉን ያሳያል እንጂ ጣት አይቀበልም። ስለዚህ ኦቲጂ የምትባለዋን አጭር ኬብል በስልኩ ቻርጀር መሰኪያ ከቶ፣ የኮምፒዩተር ማውስ ሰካበት፤ በመስተዋቱ ላይም ቀስት ብቅ አለች። በዚያች ቀስት እየመራ፣ እናትዮዋ በጣታቸው አየር ላይ ሥለው ያሳዩትን የመክፈቻ ፓተርን ነጥብ በነጥብ ሳለ፤ ስልኩም ተከፈተ። ይህች ፓተርን ባትታወቅ ኖሮ ድካሙ ሁሉ ከንቱ ነበር። በቅርብ ዓመታት የተሠሩ ስልኮች በውስጣቸው ያለውን ሁሉ በምሥጢር ቈልፈው ስለሚያኖሩት፣ ቀፎው ቢፈታ፣ ክፍሉ ቢነቀል፣ የመክፈቻው ቊልፍ ከሌለ የሚነበብ ነገር አይገኝም።

ዘንደር ወይም ሼርኢት በሚባሉት ፕሮግራሞች ፎቶግራፍና ዘፈን ማሻገር በከተማም በገጠርም የታወቀ ነው፤ ኢንተርኔት ስለማይጠይቁም ተወዳጅ ሆነው ኖረዋል። ጠጋኙ ግን በእነርሱ ብቻ የተሻገረን ስልክ ተሻግሯል አይለውም። እንደ ዋትስአፕ ያለውን ፕሮግራም ራሱን ያሻግሩታል፤ በውስጡ ያለውን መልእክት ግን አያሻግሩም። ሌላም ጠንቅ አላቸው፤ በዋትስአፕ የመጡ ፎቶግራፎች የተነሡበትን ቀን በውስጣቸው ስለማይዙ፣ በዚህ መንገድ ሲቀዱ የተቀዱበት ቀን እንደ ተነሡበት ቀን ሊቈጠር ይችላል። የሰርጉም፣ የልቅሶውም፣ የምረቃውም ሥዕል በአንድ ቀን የሆነ መስሎ ተደባልቆ ይገኛል። የቤተ ሰብ ዜና መዋዕል በዚህ ዓይነት ሲዛባ ማየት እኔን እጅግ ያሳዝነኛል፤ ለልጅ ልጅ የሚቀረው ምስል ቀኑ ከጠፋበት፣ ግማሹ ነገር ጠፍቷልና።

የሳምሰንጉም፣ የጉግሉም፣ የአፕሉም ማሻገሪያ ከዘንደርና ከሼርኢት ይሻላል፤ ዐዲሱ ስልክ መጀመሪያ ሲከፈት «ከአሮጌው ስልክ ላምጣልህን?» ብሎ ራሱ ይጠይቃል። በኬብል ቢሆን ይፈጥናል፤ በዋይፋይም ቢሆን ሁለቱ ስልኮች ተጐራብተው፣ ባትሪያቸው ሞልቶ፣ ሥራው እስኪፈጸም ድረስ ሳይነኩ መቀመጥ አለባቸው። ወጣቱ ሁለቱን ስልኮች ቻርጀር ላይ ሰክቶ በመደርደሪያው ላይ ጐን ለጐን አስቀመጣቸውና ወደ ሌላ ደንበኛ ዞረ።

የጥንት ቁም ጸሐፊ አንድን መጽሐፍ ከብራና ወደ ብራና ገልብጦ ከጨረሰ በኋላ፣ የተገለበጠውን ከእናቱ፣ ማለትም ከተገለበጠበት መጽሐፍ፣ ጋር ቃል በቃል ሳያናብብ እናቲቱን ወደ መጣችበት ደብር አይመልሳትም ነበር። በስልክም ሊደረግ የሚገባው ይኸው ማናበብ ነው። ከሱቁ ሳይወጡ በዐዲሱ ስልክ ላይ ሁለት ሦስት የታወቁ ስሞችን መፈለግ፣ የቆየ ፎቶግራፍ መክፈት፣ ከሁሉ ይልቅ ደግሞ ያን አንዱን ውድ ድምፅ ተጭኖ ማዳመጥ ያስፈልጋል። ፋይሉ በዝርዝሩ ውስጥ መታየቱ ብቻ አይበቃም፤ ስሙ ተሻግሮ ውስጡ ሳይሻገር የሚቀር አለና።

በሌላ ሰው እጅ የተከፈተ አካውንት

ከሁሉ የከፋው ችግር በኬብልም በዋይፋይም የሚፈታ አይደለም። በከተማችን እጅግ ብዙ ሰው፣ በተለይም በዕድሜ የገፉትና ከገጠር የመጡት፣ የጉግል አካውንታቸውን የከፈተላቸው ስልኩን የሸጠላቸው ልጅ ነው። ልጁ በክፋት አላደረገውም፤ ስልኩ ያለ አካውንት ፕሮግራም አያወርድምና፣ ደንበኛውም ቸኩሏልና፣ በራሱ ልማድ አንድ ስም ፈጥሮ፣ ለሁሉም ደንበኛ የሚጠቀምባትን አንዲት የይለፍ ቃል ሰጥቶ፣ አንዳንድ ጊዜም የማረጋገጫውን ቁጥር የራሱን አስገብቶ ይልካቸዋል። ከዚያ ቀን ጀምሮ የዚያ ሰው ፎቶግራፍ፣ ስሞች፣ ባክአፕ ሁሉ እርሱ በማያውቀው ስም ሲመዘገብ ይኖራል። ስልኩ እስከሚሠራ ድረስ ነገሩ አይታወቅም። ስልኩ በተሰረቀ ወይም ውኃ በገባበት ቀን ግን፣ በማኅደሩ ደጃፍ ቆሞ መግባት የማይችል ባለቤት ይሆናል።

> ፎቶግራፉ የእርሱ ነው፤ ስሙ ግን የሌላ ነው።

አንድ የኮምፒዩተር ባለሙያ ይህን ነገር ከምሥጢር ጥበቃ አንጻር ያየዋል። ለሁሉ ደንበኛ በምትሰጠው በዚያች የይለፍ ቃል ማንም የሱቁ ሠራተኛ ገብቶ የሰውን የቤት ውስጥ ሥዕል ሊያይ ይችላል፤ ይልቁንም ሴቶች ከዚህ የተነሣ የሚደርስባቸው ማስፈራራትና ኀፍረት ቀላል እንዳልሆነ ይናገራል። እኔም ከዚህ ባለሙያ ጋር አንድ ነኝ። የአካውንት ስምና የይለፍ ቃል ባለቤቱ ራሱ ሊመርጠው፣ በቤቱም በወረቀት ጽፎ በታመነ ስፍራ ሊያኖረው ይገባል፤ ማንበብ የማይችል ቢሆን ልጁ ወይም የልጅ ልጁ ሊጽፍለት ይችላል። በወረቀት መጻፉን የሚነቅፉ አሉ፤ በቤት ውስጥ ባለ ወረቀት የሚመጣው አደጋ ግን፣ በማይታወቅ ሰው ራስ ውስጥ ካለ የይለፍ ቃል እጅግ ያነሰ ነው። አካውንቱ በስልኩ ላይ ገና ክፍት ሳለ የይለፍ ቃሉንና የማረጋገጫውን ቁጥር መቀየር ይቻል እንደ ሆነ ሳይውል ሳያድር መሞከር ይበጃል፤ በአንዳንዱ ስልክ የመክፈቻውን ፓተርን ብቻ ጠይቆ ይፈቅዳል። ካልተፈቀደ ደግሞ፣ በራስ ስም ሌላ አካውንት ከፍቶ ስሞቹንና ፎቶግራፎቹን ከአሁኑ ወደዚያ ማዛወር ነው። ጉግል ሁለት ዓመት ሙሉ ያልተሠራበትን የግል አካውንት እንደሚሰርዝ አስታውቋልና፣ የጠፋ ስልክ አካውንት ለዘለዓለም ይቈየኛል ብሎ መተማመንም አይገባም።

ገንዘብን በተመለከተ ሰው ከሚፈራው ይልቅ ነገሩ ቀላል ነው። በግንቦት 2013 ዓ.ም. ሥራ የጀመረው ቴሌብርም ሆነ ከእርሱ በኋላ የመጣው ኤምፔሳ ገንዘቡን በቀፎው ውስጥ አያኖሩም፤ ገንዘቡ ከስልክ ቁጥሩ ጋር ተመዝግቦ በኩባንያው ዘንድ ነው። ባለቤቱ ሲሙንና የምሥጢር ቁጥሩን ይዞ በዐዲሱ ስልክ ይገባል። የምሥጢር ቁጥሩን ለጠጋኙ መንገር ግን በምንም ምክንያት አያስፈልግም፤ ባለቤቱ ራሱ ማስገባት አለበት።

ቁጥሩ በባዕድ አገር ሲቀር

ከቤይሩት የተመለሰች አንዲት ሴት የነገረችኝ ከዚህ ሁሉ ይልቅ አሳስቦኛል። በሰው ቤት ስትሠራ የኖረችባቸው ዓመታት ሁሉ፣ ከእናቷ ጋር የተነጋገረችው፣ ደመወዟን የላከችባቸው ደረሰኞች፣ አብረዋት የሠሩት እኅቶች ቁጥር፣ ሁሉም በሊባኖስ ቁጥር በተከፈተ ዋትስአፕና ጂሜይል ውስጥ ነበር። አገሯ ገብታ በኢትዮጵያ ሲም ስትሠራ ቆይታ፣ ስልኳን በቀየረች ጊዜ፣ ሁለቱም የማረጋገጫውን ኮድ ወደዚያ ወደ ቀድሞው ቁጥር ላኩት። ቁጥሩ ከተዘጋ ቆይቷል። ለረጅም ጊዜ ያልተሠራበት ቁጥር በየትም አገር ለሌላ ሰው ሊሰጥ ይችላልና፣ ኮዱ ምናልባት የማታውቀው ሰው እጅ ገብቶ ይሆናል።

ከጅዳ፣ ከዱባይ፣ ከኩዌት የሚመለሱት ሁሉ ይህ ሊደርስባቸው ይችላል፤ በአሜሪካና በአውሮፓ ያሉትም ቁጥር ሲቀይሩ እንዲሁ። መከላከያው ደግሞ ቀላል ነው፤ ጊዜው ብቻ ሊያልፍ አይገባም። ዋትስአፕም ቴሌግራምም በማስተካከያቸው ውስጥ «ቁጥር ቀይር» የሚል ክፍል አላቸው፤ ይህን ማድረግ የሚሻለው አሮጌው ሲም ገና እየሠራ ሳለ ነው። የጉግሉም የማረጋገጫ ቁጥር እንዲሁ ከመንገድ በፊት ወደ አገር ቤት ቁጥር፣ ወይም ወደ ታመነ ዘመድ ቁጥር መዛወር አለበት። ሻንጣ የሚያስሩ እኅቶቻችንን የሚሸኙ ሰዎች፣ ፓስፖርቱንና ቲኬቱን እንደሚጠይቁ ሁሉ ይህንንም ቢጠይቁ ብዙ ዕንባ ይድናል።

ከባሕር ማዶ የሚላኩ ያገለገሉ አይፎኖችም የራሳቸው ጣጣ አላቸው። ላኪው የራሱን አካውንት ከስልኩ ሳያወጣ ከላከው፣ ስልኩ እዚህ ሲከፈት የላኪውን የይለፍ ቃል ይጠይቃል፤ ካላገኘም አይከፈትም። «እከፍተዋለሁ» ለሚል የመንገድ ዳር ሰው ገንዘብ ከመክፈል በፊት ለላኪው መደወል ይበልጣል፤ ባለቤቱ በያለበት ሆኖ ስልኩን ከአፕል አካውንቱ ዝርዝር ሊያወጣው ይችላልና።

አሮጌው ስልክ ወዴት ይሄዳል?

በአገራችን አሮጌ ስልክ እምብዛም አይጣልም። ለታናሽ ወንድም፣ ለቤት ሠራተኛ፣ በገጠር ላለ አጎት ይሰጣል፤ ወይም በዐዲሱ ዋጋ ላይ ይታሰባል። ስለዚህ በውስጡ የሚቀረው ነገር ሁሉ ወደ ሌላ ሰው እጅ ይሄዳል።

ጠጋኙ ለእኒያ እናት የሰጣቸው ምክር፣ የአሮጌውን ስልክ ይዘት ወዲያው እንዳያስጠፉት፣ ስልኩንም ጥቂት ሳምንታት በቤት እንዲያቈዩት ነበር፤ የጐደለ ነገር መኖሩ የሚታወቀው ሰው ሲፈልገው ነውና። ከዚያ በኋላ በመጀመሪያ አካውንቱን ከስልኩ ማውጣት፣ ቀጥሎ ሙሉ በሙሉ ወደ ፋብሪካው ሁኔታ መመለስ ነው። ቅደም ተከተሉ ከተዛባ፣ ከ2007 ዓ.ም. ገደማ ወዲህ በወጡት አንድሮይድ ስልኮች ላይ ያለው ጥበቃ የቀድሞውን አካውንት የይለፍ ቃል ጠይቆ ስልኩ በተቀባዩ እጅ ተቈልፎ ሊቀር ይችላል። የተሰረቀ ስልክ እንዳይሸጥ የተበጀ ጥበቃ በዚህ ዓይነት የስጦታውን ስልክ ሲቈልፍ በየሱቁ ይታያል፤ ብዙውን ጊዜም ምክንያቱ ከላይ የተነገረው፣ በሌላ ሰው እጅ የተከፈተው አካውንት ነው።

በምሥጢር የሚቈልፉት ዐዲሶቹ ስልኮች በዚህ ዓይነት ከተመለሱ በኋላ የቀድሞው ይዘታቸው አይነበብም፤ እንዲህ ያለ ቊልፍ ከሌላቸው ከቆዩት ግን ዕውቀቱና መሣሪያው ያለው ሰው ከተሰረዘው ጥቂቱን መልሶ ሊያወጣ ይችላል። ሚሞሪ ካርድ ያለው ስልክ ከሆነ ካርዱ ተለይቶ መውጣት አለበት፤ የስልኩ ይዘት ሲሰረዝ በካርዱ ላይ ያለው አብሮ አይሰረዝም፤ ብዙ ሰውም ፎቶግራፉን ያስቀመጠው በእርሱ ላይ ነው። ወጣቱ የእኒያን እናት ካርድ በትንሽ ላስቲክ ጠቅልሎ ከሰጣቸው በኋላ፣ የጉግሉን የይለፍ ቃል ራሳቸው እንዲመርጡት አድርጎ ዐዲሱን አካውንት በስማቸው ከፈተላቸው፤ የዋትስአፑም ባክአፕ በየሌሊቱ ወደዚያው እንዲሄድ አዘዘው።